ከሰርግ ሳውንድ ወደ ቲቪ ድምፅ መግባት ይቻላል?

ጀማሪው፦ ሰላም ቤተሰብ። ሰርግ ላይ ሳውንድ ሲስተም እሠራለሁ፣ 3 ዓመት ሆነኝ። ድራማ ላይ ድምፅ መቅዳት አምሮኛል። መጀመሪያ ካሜራ ተማር ይሉኛል፣ እውነት ነው?

ቡም ያዥ፦ ኧረ ተው! ካሜራ ምን ሊያደርግልህ? እኔ በቡም (ማይክ ጫፉ ላይ የሚታሰርበት ረጅም ዘንግ) ነው የጀመርኩት። ማይኩን ከተዋናዩ አናት በላይ፣ ከፍሬሙ ጠርዝ ውጪ ይዘህ ትቆማለህ፣ ተዋናዮቹ ንግግር በተቀባበሉ ቁጥር ማይኩን ወደሚናገረው ታዞራለህ፣ እጅህ እየተንቀጠቀጠም ቢሆን ጥላህ ግድግዳው ላይ መታየት የለበትም። ሰው ቤት ስትቀርፁ ደግሞ ፍሪጁን አጥፋ፣ ድምፁ ይገባብሃል። የቤትህን ቁልፍ እዛው ፍሪጅ ውስጥ አስቀምጥ፣ ሳታበራው አትሄድም። እኔ አንዴ ረስቼ የሰው ሥጋ ተበላሽቶብኛል፣ እስከዛሬ ያሳፍረኛል።

ኤዲተሯ፦ ሰርግ ላይ ድምፁ ካለፈ አለፈ፣ እዚህ ግን እኔ ጋ ይመጣል 😅 መቅጃውን በ48 ኪሎኸርዝ (ለቪዲዮ የተለመደው የድምፅ ናሙና መጠን) አድርገህ ቅዳ። ከቀረፃ በኋላ ሁሉንም ዝም አስብለህ የክፍሉን ባዶ ድምፅ 30 ሰከንድ ያዝልኝ፣ መቆራረጡን የምሸፍነው በሱ ነው። ፒን ማይክ (ልብስ ላይ የሚሰካውን ትንሹን ማይክ) ነጠላ ስር ስትደብቅም በፕላስተር አጣብቀው፣ የጨርቁ ኮሽ ኮሽታ አንዴ ከገባ ኤዲቲንግ ላይ አይጠፋም።

ጀማሪው፦ ክፍያውስ?

ቡም ያዥ፦ በቀን ነው፣ ከመሄድህ በፊት ተነጋገር። ምሳ ግን አለ።