ለገሃር ሄጄ ባቡር አመለጠኝ፦ የድሮው ጣቢያ መሀል ከተማ፣ አዲሱ ለምን ዳር?

ካዛንቺስ_በሜሪላንድ

ሰላም ወገኖች። ጥያቄዬ የባቡር ጣቢያ ነገር ነው። መጀመሪያ ግን የደረሰብኝን ላጫውታችሁ፣ መሳቅ ይፈቀዳል።

ሜሪላንድ ከገባሁ አሥራ ዘጠኝ ዓመቴ ነው። ባለፈው ጥር ለእህቴ ልጅ ሠርግ አዲስ አበባ መጣሁ። ሠርጉ ሲያልቅ ድሬዳዋ ያለችውን አክስቴን ልጠይቅ አሰብኩ። አውሮፕላን አለ፣ አውቶቡስ አለ። እኔ ግን በልጅነቴ ከአባቴ ጋር የሄድኩበት ባቡር ትዝ አለኝና “በባቡር ካልሆነ” ብዬ ድርቅ አልኩ። ትኬቱን የቆረጠልኝ የወንድሜ ልጅ ነው። “ጧት ሁለት ሰዓት ይነሳል፣ ቀደም በል” አለኝ። የት እንደሆነ አልነገረኝም፣ እኔም አልጠየቅኩም። ባቡር ጣቢያ የት ነው ተብሎ ይጠየቃል እንዴ? ለገሃር ነዋ!

ልክ አሥራ ሁለት ሰዓት ተኩል ላይ ለገሃር ነበርኩ። ሁለት ሻንጣ እየጎተትኩ በአጥሩ ጥግ ስዞር ጋቢ የተከናነቡ ዘበኛ አገኘሁ። “አባባ፣ የድሬዳዋ ባቡር በየት በኩል ነው?” አልኳቸው። ሻንጣዬን አዩ፣ ጫማዬን አዩ፣ ከዚያ ፊቴን አዩ። “ልጄ፣ ከዚህ ባቡር ከተነሳ እኮ ቆየ። ከውጭ ነው የመጣኸው?” አሉኝ። አልሳቁብኝም፣ አዘኑልኝ። እሱ ነው የባሰው።

ታክሲ ይዤ እየበረርኩ አዲሱ ጣቢያ ያለበት ለቡ ስደርስ ሁለት ሰዓት ከሩብ ሆኗል። ባቡሩ የሐበሻ ቀጠሮ አያውቅም፣ በሰዓቱ ሄዷል። በማግስቱ በአውቶቡስ ሄድኩ።

ድሬም ያው ነው። የድሮው ጣቢያ ከዚራ የሚባለው ሰፈር እምብርት ላይ ቁጭ ብሏል። ፊት ለፊቱ አደባባይ፣ ዛፍ፣ እነዚያ የማያረጁ ፔጆ 404 ታክሲዎች። አዲሱ ጣቢያ ግን ከከተማው ውጭ፣ ሜዳ ላይ ነው። እና ጥያቄዬ ይሄ ነው። የድሮ ሰዎች ጣቢያን መሀል ከተማ ይሠሩ ነበር፣ የዛሬዎቹ ለምን ዳር ያወጡታል? የለገሃሩ ሕንፃስ ዕድሜው ስንት ነው? ከቻላችሁ ደግሞ፣ “ለገሃር” ኦሮምኛ ነው አይደል? እንደ ለገጣፎ፣ እንደ ለገዳዲ?

ረዳት_ነበርኩ

በሳቅ ገደልከኝ ወንድሜ። ሚኒባስ ላይ አራት ዓመት “ለገሃር፣ ለገሃር፣ የሞላ!” ስል የኖርኩ ሰው ነኝና የመጨረሻዋን ለእኔ ተዋት። ለገጣፎና ለገዳዲ ልክ ነህ፣ “ለጋ” በኦሮምኛ ወንዝ ነው። ለገሃር ግን ፈረንሣይኛ ነው። “ላ ጋር” ማለት ጣቢያው ማለት ነው። ሕዝቡ አፉ ላይ አሟሽቶ ለገሃር አደረገው። ስለዚህ “ለገሃር ባቡር ጣቢያ” ስንል “ጣቢያው ባቡር ጣቢያ” እያልን ነው። እኔም ያወቅኩት ሥራውን ከተውኩ በኋላ ነው።

ጡረተኛው_ከከዚራ

ልጄ፣ እንኳን ደህና መጣህ። ባቡር ያመለጠው ሰው ሳይ ሆዴ ይባባል። ሠላሳ አንድ ዓመት ትኬት መስኮት ላይ ተቀምጫለሁና ስንቱን ሸኝቻለሁ፣ ስንቱን ሲሮጥ አይቻለሁ።

ጥያቄህን ግን ገልብጠህ ነው የያዝከው። “ጣቢያውን መሀል ከተማ ሠሩት” ትላለህ። ድሬ ላይ መቼ ከተማ ነበረና? አፄ ምኒልክ የባቡሩን ፈቃድ ለስዊሱ መሐንዲስ ለአልፍሬድ ኢልግ የሰጡት በ1886 ዓ.ም. ነው። ሥራው ከጅቡቲ በ1890 ተጀመረ። ሐሳቡ በሐረር በኩል ማለፍ ነበር፤ ንግዱም ቡናውም ሐረር ነበራ። ተራራው ግን እንቢ አለ። ሐዲዱን እዚያ ሽቅብ ማውጣት ገንዘብ የሚበላ ሆነ። ስለዚህ ሐረርን ትተው ከተራራው ሥር በቆላው ሜዳ አለፉ። በ1895 ባቡሩ እዚህ ደረሰ፣ ድሬዳዋም ያኔ ተወለደች። መጀመሪያ አዲስ ሐረር ነበር የሚሏት። ከዚራን ቀጥ ቀጥ ባለ መንገድ የቀየሰው ሽመንደፈር፣ የባቡር ኩባንያው፣ ራሱ ነው። ከደቻቱ ወንዝ ማዶ መጋላ ሰፈር ደግሞ እንደ ልቡ አደገ። ዛሬም ከከዚራ ተነስተህ ደቻቱን ስትሻገር እግርህ ልዩነቱን ያውቀዋል። እና ጣቢያው ወደ ከተማ አልመጣም፣ ከተማው ነው ወደ ጣቢያው የመጣ።

ለገሃርም ያው ነው። ድሬ ከደረሰ በኋላ ኩባንያው ከሰረ፣ ሌላ ተቋቋመ፣ ባቡሩ አዲስ አበባ የገባው በ1909 ዓ.ም. ነው። ያኔ ከተማው ላይ አራዳና ግቢ አካባቢ ነበር። ለገሃር ታች ሜዳው ላይ፣ ዳር ነበር። እንደ ለቡ በለው! አሁን የምታየው ሕንፃ የተመረቀው ደግሞ በ1922 ነው። አሥራ ሦስት ዓመት ያህል ባቡሩ ያለ ሕንፃው ነው ሲመጣ ሲሄድ የነበረው። በዓመቱ ጥቅምት 1923 የአፄ ኃይለ ሥላሴ የዘውድ በዓል ሆነ። የውጭ አገር እንግዶች በመርከብ ጅቡቲ፣ ከጅቡቲ በባቡር ለገሃር። አውሮፕላን ማረፊያችን እሱ ነበር በለው።

በየመንገዱ ያሉት ትናንሾቹ ጣቢያዎችስ? አዲጋላ፣ ኤረር፣ አፍደም፣ ሚኤሶ፣ አዋሽ፣ መተሐራ፣ ወለንጪቲ። የብዙዎቹ ቦታ የተመረጠው ለሰው ተብሎ አይደለም። የእንፋሎት ባቡር ውኃ ይጠጣል። አባቴ እንደሚለው ከሆነ ከሰው ይልቅ ባቡሩ ነበር ቶሎ ቶሎ የሚጠማው። ቤቶቹን ብታይ ወፍራም የድንጋይ ግንብ፣ ቆርቆሮ ጣሪያ፣ ፊት ለፊት ጥላ፣ ጎን ላይ የውኃ ታንከር ናቸው። ናፍጣ መጣና ታንከሩ ሥራ ፈታ። መንደሩ ግን ቀረ፣ ሴቶቹም በመስኮት ሙዝና የተቀቀለ እንቁላል መሸጣቸውን ቀጠሉ።

አንድ ነገር ላጫውትህና ላብቃ። ትኬት ስቆርጥ በቀን መቶ ጊዜ የምጠየቀው ዋጋ አልነበረም። “በእኛ ሰዓት ነው በፈረንጅ?” ነበር። የጊዜ ሰሌዳው በፈረንጅ ሰዓት ነው የተጻፈው፣ መንገደኛው በሐበሻ ሰዓት ነው የሚኖረው። ሰባት ሰዓት የሚል ያየ ሰው ምሳውን በልቶ ይመጣል፤ ባቡሩ ጧት አንድ ሰዓት ሄዷል። አንዲት እናት ከነዶሮዋ እንዲህ ሆና ሦስተኛ ማዕረግ ትኬቷን እያሳየችኝ አለቀሰች። በማግስቱ እንድትሄድ አደረግን። ዶሮዋ ግን ሌሊቱን ቢሮዬ ነው ያደረችው፣ ጧት ወረቀቴ ላይ ምን እንዳገኘሁ አልነግርህም።

ሥዕል_ቤት

አርክቴክት ነኝ፣ ጋሼ ያሉትን እቀበላለሁ። ግን ግማሹን ነው የተናገሩት፣ ይቅርታ ያድርጉልኝ።

አዎ፣ ለገሃርም ሲጀመር ዳር ነበር። ልዩነቱ ፊቱን ወዴት እንዳዞረ ነው። ለገሃር በር ላይ ጀርባህን ለሕንፃው ሰጥተህ ቁም። ቸርችል ጎዳና ከፊትህ ተነስቶ ሽቅብ እየወጣ፣ ከላይ መጨረሻው ላይ አርቱሮ መዜዲሚ የሠራው ማዘጋጃ ቤት ቆሟል። ማዘጋጃው ከጣቢያው ከሠላሳ ዓመት በላይ ያንሳል፤ ያም ሆኖ ሁለቱ ይተያያሉ። ሕንፃውም የሚታይ ሆኖ ነው የተሠራው፤ መሀሉ ደመቅ ያለ፣ ግራና ቀኙ እኩል የተዘረጋ፣ ሐዲዱ ከጀርባ። ከፊት ደግሞ ጆርጅ ጋርዴ የቀረጸው የይሁዳ አንበሳ። ከባቡር የወረደ ሰው በአንድ ጊዜ አንበሳውን፣ ጎዳናውንና ሽቅቡን ከተማ ያያል። ይሄ በአጋጣሚ አይሆንም።

በነገራችን ላይ ጣልያን ያንን አንበሳ ነቅሎ ሮም ወሰደው። ያቆመው የት መሰላችሁ? የሮም ዋና ባቡር ጣቢያ ከተርሚኒ ቅርብ፣ ራስ አሉላ ዶጋሊ ላይ ለደመሰሷቸው ወታደሮች በተሠራው ሐውልት ሥር። የዘርዓይ ደረስ ታሪክ የሚነሳውም ከዚሁ አንበሳ ጋር ነው። ከጣቢያ ወደ ጣቢያ ተሰዶ፣ ከብዙ ዓመት በኋላ ተመልሶ ቦታው ላይ ቆመ።

ወደ ለቡ ስንመጣ፣ ምክንያቱ ክፋት አይደለም። የድሮው ሐዲድ ስፋቱ 1 ሜትር ነው፣ ባቡሩም ቀስ ባይ ነበር፤ በጠባብ ኩርባ እየታጠፈ ሰፈር ለሰፈር ይገባ ነበር። የ2009 ዓ.ም. ሐዲድ ስፋቱ 1.435 ሜትር ነው፣ በኤሌክትሪክ ይሄዳል፣ የመንገደኛው ባቡር በሰዓት እስከ 120 ኪሎ ሜትር እንዲሮጥ ነው የተነደፈው። እንዲህ ያለ ባቡር እንደ ልቡ አይታጠፍም፣ ሰፊ ኩርባ ይፈልጋል። መሀል ከተማ እናስገባው ቢባል ስንት ሺህ ቤት ይፈርስ ነበር? ዋናው ሥራው ደግሞ ጭነት ነው፤ እንዶዴ የጭነት ጣቢያና ሞጆ ደረቅ ወደብ ነው ልቡ ያለው። እኔና አንተ ለእሱ ትርፍ ጭነት ነን።

እኔን የሚያናድደኝ ርቀቱ አይደለም። በር ላይ ወጥተህ የምታየው የመኪና ማቆሚያ ነው። ጎዳና የለውም፣ አደባባይ የለውም፣ አንድ ዛፍ ሥር ቆሞ ዘመዱን የሚጠብቅ ሰው የሚጠለልበት የለውም። ከተማው ወደ ለቡ መምጣቱ አይቀርም፣ እየመጣም ነው። ሲደርስ ግን የሚጨብጠው እጅ የለም።

ጡረተኛው_ከከዚራ

ልጄ ሥዕል ቤት፣ ይቅርታ አያስፈልግም፣ ደግ ተናግረሻል። ዛፉን እኮ እኛው ነን የተከልነው፤ ከጣቢያው ጋር አብሮ አልመጣም።

ካዛንቺስ_በሜሪላንድ

ጋሼ፣ እህቴ፣ ረዳትም፣ ሁላችሁንም አመሰግናለሁ። አሁን ገባኝ፤ አባቴ ሁልጊዜ ከባቡር ስንወርድ አንበሳው ጋ ያቆመኝ የነበረው ለምን እንደሆነ። ሻንጣውን መሬት ያስቀምጥና ሽቅብ በጣቱ እያሳየ “ቤታችን በዚያ በኩል ነው” ይለኝ ነበር። ቤታችን ግን ካዛንቺስ ነው፣ በዚያ በኩል አይደለም። ጎዳናው አታሎት ነው መሰለኝ።

በሚቀጥለው ጥር እንደገና እሞክረዋለሁ። በለቡ።

ጡረተኛው_ከከዚራ

ና እንጂ። ግን ትኬቱን እንደቆረጥክ ፎቶ አንስተህ እዚህ ለጥፈው፣ ሰዓቱን እኔ አነብልሃለሁ።