ልጄ ዩኒሳይክል ሆኪ ልጀምር አለችኝ፣ የምታውቁ እስኪ ምከሩኝ

እናት ከፍራንክፈርት፦
ሰላም ጤና ይስጥልኝ ወገኖቼ። ልጄ 12 ዓመቷ ነው። ትምህርት ቤቷ እነዚህ አንድ ጎማ ብቻ ያላቸው ሳይክሎች አሉ፣ እዚህ አይንራድ ነው የሚሏቸው፣ በእረፍት ሰዓት እሱን ስትነዳ ሁለት ዓመት ሆናት። አሁን ደሞ ጓደኛዋ ክለብ ገብታ በዛው ሳይክል ላይ ሆነው ዱላ ይዘው ሆኪ ይጫወታሉና እኔም ካልገባሁ ብላ መቆሚያ መቀመጫ አሳጣችኝ። ቪዲዮውን አሳየችኝ፣ አስር ሰው አንድ ኳስ ላይ ሲሻማ ሳይ ቶሎ የመጣብኝ ጥርሷ ነው። እኔ ሆኪ ሲባል የማውቀው የገና ጨዋታን ነው፣ አጎቴ ልጅ ሆኖ ሩር መትቶት ግንባሩ ላይ ያለው ጠባሳ እስከዛሬ አለ። አባቷ ተያት ትጫወት ይላል፣ እኔ ግን እንቅልፍ አጣሁ። ፍሬን የለውም የሚሉት እውነት ነው? ደሞ ወንድና ሴት ተቀላቅለው ነው የሚጫወቱት። የሚያውቅ ሰው ካለ በእግዚአብሔር ንገሩኝ።

ዱላ መሬት፦
እህቴ አይዞሽ፣ እኔ እዚሁ ጀርመን ስድስት ዓመት ተጫውቻለሁ፣ የማውቀውን ልንገርሽ። ፍሬን የለውም እውነት ነው፣ ግን ሰንሰለትም የለውም፣ ፔዳሉ በቀጥታ ከጎማው መሀል ጋር ስለተያያዘ እግርሽ ከቆመ ጎማው ይቆማል፣ እግርሽ ወደኋላ ከረገጠ ወደኋላ ይሄዳል። ፍሬኑ እግሯ ነው ማለት ነው። ጎማውም በህጉ ከ24 ኢንች መብለጥ አይችልም፣ ስለዚህ ፍጥነቱ እንደ በረዶ ሆኪ አይደለም። ስትወድቅ ደሞ ፊቷ መሪ የለም፣ የሚይዛት ነገር ስለሌለ ሳይክሉ ወደኋላ ይቀርና እሷ አብዛኛውን ጊዜ በእግሯ ነው መሬት የምታገኘው። ጉልበት ይላጣል፣ እሱን አልዋሽሽም።

ግን ዋናው ነገር ዱላው ነው፣ ሰው ሁሉ ጎማውን እያየ ዱላውን ይረሳዋል። ስለ ገና ያነሳሽው ጥሩ ነው፣ እኛ አገር «በገና ጨዋታ አይቆጡም ጌታ» እንባላለን አይደል፣ ዱላ ያረፈበት ሰው ችሎ ነው የሚያልፈው። እዚህ ተቃራኒው ነው። ዱላሽን መሬት ላይ ዘርግተሽ ሌላ ሰው ጎማው ላዩ ላይ ቢወጣበት ጥፋቱ ያንቺ ነው፣ አውቀሽ አደረግሽው አላወቅሽው ማንም አይጠይቅሽም። ዱላሽ የሌላ ሰው ጎማ ሽቦዎች መሀል ቢገባም ያው ነው። የዱላው የታችኛው ጫፍ ከራስሽ ዳሌ በላይ አይነሳም፣ የላይኛው ጫፍ ደሞ ሁልጊዜ በእጅ መሸፈን አለበት፣ ሰው ሆድ ውስጥ እንዳይገባ። በሰውነት መጋፋት ክልክል ነው። የወደቀ ሰው ኳስ መንካት አይችልም፣ መንገድ ለቆ ተመልሶ እዛው የወደቀበት ቦታ ላይ ይወጣል።

የመጀመሪያ ውድድሬ ላይ ኳስ ሊያመልጠኝ ሲል እጄን ዘርግቼ በዱላዬ አስቆምኩት፣ ደስ ብሎኝ ቀና ስል ከጎኔ የምትመጣ ልጅ ዱላው ላይ ወጥታ በጉልበቷ ወደቀች። ድምፁ እስካሁን ጆሮዬ ላይ አለ። ከዛ በኋላ ነው ዱላ መሰብሰብ የተማርኩት፣ ኳሱን እስክለቀው ድረስ ክንዴን ወደራሴ እያመጣሁ። አሰልጣኟ የመጀመሪያ ወራት ስለ ጎል ሳይሆን ስለዚህ ነገር የሚጮህ ከሆነ ልጅሽ ጥሩ እጅ ላይ ነች ማለት ነው፣ ሄደሽ እሱን እይ። በቡድን አምስት አምስት ናቸው፣ በረኛውም እንደ ማንኛውም ተጫዋች ነው የተለየ መብት የለውም። ወንድና ሴት መቀላቀሉ ላይ አታስቢ፣ ጉልበት ስለማይፈቀድ ጨዋታውን የሚያነብ ነው የሚበልጠው። እዚህ ሊጉ ከ1995 ጀምሮ አለ፣ ቅዳሜ ወይ እሁድ አንድ አዳራሽ ተሰብስበው ሲጫወቱ ነው የሚውሉት፣ ቤተሰብ ኬክ ይዞ ይመጣል።

ሰርከስ ልጅ፦
ሰላም እናት። እኔ አዲስ አበባ ነኝ፣ ሰርከስ ውስጥ ነው ያደግኩት፣ ዩኒሳይክል ላይ ስምንት ዓመት ሰርቻለሁ፣ ሆኪውን ግን በቪዲዮ ነው የማውቀው። የሚገርመኝ ነገር እኛ ስንማር ሚዛን የምንጠብቀው በእጃችን ነው፣ ሁለት እጅ ዘርግተን እንደ ወፍ፣ ሆኪ ላይ ግን እጅሽን ይቀሙሻል፣ ዱላ ያስይዙሻል አይንሽን ደሞ ኳሱ ላይ ያስተክሉሻል፣ ስለዚህ ልጅሽ ነድቼ እችላለሁ ብላ ብትሄድም መጀመሪያ ቀን እንደ አዲስ ትወድቃለች፣ ተስፋ እንዳትቆርጥ ቀድመሽ ንገሪያት። ቤት ውስጥ የመጥረጊያ እንጨት ይዛ ትለማመድ፣ ጫፉን መሬት እያስነካች በቀኝ በግራ ክብ ትዙር፣ ከዛ ቆማ ግማሽ ዙር ወደፊት ግማሽ ዙር ወደኋላ እያለች ሳትወርድ መቆየት ትልመድ። ዱላውን መደገፍ ይፈቀዳል አሉ፣ ሶስተኛ እግር ሆነላት ማለት ነው። በ1925 በወጣ ድምፅ አልባ የጀርመን ፊልም ላይ ሁለት የመድረክ ሰዎች በአንድ ጎማ ላይ ሆነው የሆኪ ዱላ ይዘው ይታያሉ፣ የኛ የመድረክ ሰዎች ነገር ስፖርት ሆኖ ሳየው በጣም ነው ደስ የሚለኝ። በየሁለት ዓመቱ ዩኒኮን የሚባል የዓለም ውድድር አለ፣ 2022 ፈረንሳይ ግሬኖብል፣ 2024 አሜሪካ ሚኒሶታ ነበር፣ ሆኪም እዛ አለ። አንድ ቀን አንድ የኛ ልጅ እዛ ብትቆም!

ዙሪክ፦
እኔም እናት ነኝ፣ የኔው 14 ነው ሶስተኛ ዓመቱ። ስለ ዕቃ ልጨምር። ፔዳሉ ጥርስ ያለው ብረት አይሁን፣ ፕላስቲክ ነው የሚፈቀደው፣ ቅልጥምም ያድናል። የእግር ኳስ መጋጫና የጉልበት መከላከያ ግዢላት። ኳሱ አየሩ የወጣ የቴኒስ ኳስ ነው፣ ጥርስ ጥርስ አትበይ፣ ጥርሷ ሽቦ ካለው ግን የአፍ መከላከያ ሀኪሙን ጠይቂ። የጫማ ማሰሪያዋን ጫማው ውስጥ ክተቺ፣ ፔዳል ላይ ከተጠመጠመ እግር አይላቀቅም።

ሌላ የደረሰብን ነገር፣ ያገለገለ ሳይክል ገዛን፣ በሁለተኛው ሳምንት ልጄ እየሮጠ የግራ ፔዳሉ ተፈትቶ ወደቀ፣ አገጩ ተላጠ። ለካ የሸጠልን ሰው ጎማ ቀይሮ ሲመልሰው በግልባጭ ነው የገጠመው። የግራው ፔዳል የብሎን ጥርሱ የተገላቢጦሽ ነው የሚጠብቀው፣ ጎኑ ከተቀየረ እየነዳሽ ይፈታል። ፔዳሉን የያዘው ብረት ላይ የግራው ኤል የቀኙ አር የሚል ፊደል አለ፣ ከመግዛትሽ በፊት እሷን እዛ ላይ አስቀምጠሽ ፊደሉ ከእግሯ ጋር መግጠሙን እይ።

እናት ከፍራንክፈርት፦
ሁላችሁንም እግዚአብሔር ይስጥልኝ። ትናንት ወስጃት አይቼ መጣሁ። አሰልጣኟ ሴት ናት፣ አንድ ሰዓት ሙሉ «ዱላ ወደራስ» ስትል ነው የዋለችው፣ ዱላ መሬት አንተን አስታወስኩህ። ልጄ ሰባት ጊዜ ወደቀች፣ ስድስቱን በእግሯ ቆመች፣ ሰባተኛውን አንድ 15 ዓመት የሚሆነው ልጅ ዱላው ጎማዋ ስር ገብቶ በጉልበቷ ነው። ማንም ሳያፏጭ ልጁ ራሱ እጁን አንስቶ ቆመ፣ ኳሱን አምጥቶ እግሯ ስር አስቀመጠላት። እኔ ወንበሬ ላይ ተነስቼ ነበር፣ ተመልሼ ተቀመጥኩ።

ከክለቡ የተዋሰችው ሳይክል ኤሉና አሩ ልክ ነው፣ አጎንብሼ አይቻለሁ። ማታ ደሞ መጥረጊያዬን ይዛ ኮሪደሩን ስትዞርበት አመሸች። ሰርከስ ልጅ፣ በቀኝ እጇ ብቻ ነው የምትይዘው፣ ግራውንም ታለማምደው ወይስ ልተዋት?

ሰርከስ ልጅ፦
ለአሁን ተያት፣ በቀኟ ትጥገብ። ግራ ዙሩን ግን አታስቀሪባት፣ ሁሉም ሰው አንድ ጎን ብቻ መዞር ነው የሚወደው።