«አርባ አራቱ ታቦት» ሲባል ተቆጥሮ ነው?

የቀሃ ልጅ፦
ሰላም ወገኖች። አንድ ነገር ጠይቄ ልገላገል። ጎንደር ተወልጄ ሳድግ «አርባ አራቱ ታቦት» የማይባልበት ቀን አልነበረም። ምርቃት ላይ አለ፣ መሐላ ላይ አለ፣ እርግማን ላይም አይጠፋም። ባለፈው ቡና ላይ የጠፋ ሰፌድ ወሬ ተነሣ። ጎረቤታችን እማማ «አርባ አራቱ ታቦት ይመስክሩብኝ፣ በዓይኔ አላየሁትም!» አሉ። እኔ ደግሞ አመሌ አይለቀኝ፣ «እስቲ ይቁጠሩልኝ» አልኳቸው።

ጣታቸውን እያጠፉ ጀመሩ። ደብረ ብርሃን ሥላሴ፣ አደባባይ ኢየሱስ፣ እልፍኝ ጊዮርጊስ፣ ግምጃ ቤት ማርያም፣ ፊት ሚካኤል፣ ቁስቋም… ሃያ ምናምን ላይ ሲደርሱ እናቴ «ይሄኛውማ ኋላ የተተከለ ነው» ብላ አቋረጠች። ክርክሩ ጦፈ፣ ጀበናው ገነፈለ። እማማ ዞር ብለው ምን ቢሉኝ ጥሩ ነው? «አርባ አራት ነው አልኩህ እንጂ ቁጠር አልኩህ?»

ታዲያ ቁጥር ነው ወይስ ፈሊጥ?

የቅኔ ቤት ሰው፦
እማማ ልክ ናቸው፣ ልጄ። ዐፄ ፋሲል በ1628 ዓ.ም. ከተማውን ከቆረቆሩ በኋላ ከነገሡት ብዙዎቹ የየራሳቸውን ደብር ተክለዋል። ደብሩ በእርግጥ ብዙ ነው። ዝርዝሩን ግን ሁለት ሰው ቢቆጥረው አይገጥምም። የማይነቃነቀው ድምሩ ነው።

ቃሉን እንየው። በግእዝ አራት «አርባዕቱ» ነው፣ አርባ ደግሞ «አርብዓ»። ሥራቸው አንድ ነው። ረቡዕም ከዚያው ቤት ነው፤ ከእሑድ ጀምረህ ብትቆጥር አራተኛው ቀን። ገበያ ላይ ሩብ ኪሎ ስትል ያቺ «ሩብ»ም ዘመዳቸው ናት። እንግዲህ «አርብዓ ወአርባዕቱ» በል፣ ጮክ ብለህ። አራትን በአራት ላይ ደረብክ ማለት ነው። አራት ደግሞ በእኛ ዘንድ የሙላት ቁጥር ነው። አራቱ ማዕዘነ ዓለም፣ አራቱ ወንጌላውያን፣ ኅዳር 8 የሚከበሩት አርባዕቱ እንስሳ። ዘመኑን ራሱ ማቴዎስ፣ ማርቆስ፣ ሉቃስ፣ ዮሐንስ እያልን እናዞረው የለ? ስለዚህ «አርባ አራቱ» ሲባል እኔ የምሰማው «በአራቱም ማዕዘን ያለው ታቦት ሁሉ» የሚለውን ነው። ይህ የራሴ አሰማም ነው፣ ሌላ ያለው ይጨምርበት።

ቁጥር በድንጋይ ሲነገር ማየት ከፈለግህ የደብረ ብርሃን ሥላሴን ቅጥር ዙር። ግንቦቹ አሥራ ሁለት ናቸው፣ በሐዋርያት አምሳል። አሥራ ሦስተኛው በሩ ነው፤ እሱ የክርስቶስ ነው፣ የይሁዳ አንበሳ።

ቾክ በእጄ፦
የሒሳብ መምህር ነኝ፣ ዝም ማለት አልቻልኩም። መሐላው ነው የገረመኝ። የጥንቱ የግሪክ ፈላስፋ የፓይታጎረስ ተከታዮችም በቁጥር ይምሉ ነበር። ጠጠር አምጡና ደርድሩ። ከላይ አንድ፣ ከሥሩ ሁለት፣ ቀጥሎ ሦስት፣ ከታች አራት። ድምሩ አሥር፣ ቅርጹ ሦስት ማዕዘን፣ በየትኛውም ጎን ብትቆጥሩት አራት። ቴትራክቲስ ይሉታል። የሚምሉትም ይህን ባስተማራቸው ሰው ነበር። አራትንም የፍትሕ ቁጥር ያደርጓት ነበር፣ ሁለት በሁለት ተባዝታ እኩል በእኩል ስለምትወጣ።

ጎንደር ከግሪክ ቀዳች አላልኩም፣ እንዳትነሡብኝ! የቁጥሮቻችን መልክ ግን ከዚያ ነው የመጣው። ፵ የግሪኩ «ሙ» ነው፣ ፬ ደግሞ «ዴልታ»። ዴልታ በትልቁ ሲጻፍ ሦስት ማዕዘን ነው። አራትን የወለዳት ባለ ሦስት ማዕዘን ፊደል ነው፣ አስቡት።

የደምቢያዋ፦
እናንተ አራት አራት በሉ። ቤት የሚቆመው በሦስት ነው። «ሦስት ጉልቻ መሠረቱ» ይባላል እንጂ አራት ጉልቻ ሲባል ሰምታችሁ ታውቃላችሁ? ሥላሴን ከዚህ ጋር የሚያያይዙ አሉ። እኔ ግን ድስቱ የቀደመ ይመስለኛል።

አያቴ ጋ ነው ያደግሁት። ሦስት ድንጋይ፣ መሬቱ ቢጎረብጥም ድስቱን አያነቃንቅም። አራተኛ ከጨመራችሁ አንዱ ሥራ ይፈታል፣ ድስቱም ወዲያና ወዲህ ይላል። አንድ ቀን ጉልቻዋ ተሰነጠቀና ሌላ ፍለጋ ወንዝ ወረድን። እያነሣች በመዳፏ ትመዝናለች፣ አገላብጣ ታያለች፣ ትጥላለች። ግማሽ ቀን ፈጀብን። «ጉልቻ ቢለዋወጥ ወጥ አያጣፍጥም» ሲባል ታዲያ እሷ ናት ትዝ የምትለኝ። እሷ ፊት ይህን ተረት የሚደፍር አልነበረም።

የቀሃ ልጅ፦
እግዜር ይስጥልኝ፣ ሁላችሁንም። ይህን የማነበው ፒያሳ ማኪያቶ ይዤ ነው። ጠረጴዛዋ አራት እግር አላት። ካንዱ እግር ሥር የታጠፈ የሲጋራ ፓኮ ወትፈውላታል።