ጊዜ የሚዘገይበት ሸለቆ፦ በወንዙ ምክንያት ልቦለዴ ቆሞብኛል

የደብረ ብርሃን ነዋሪ ስሆን፣ በምናቤ በፈጠርኩት ዓለም ላይ የተመሠረተ ረጅም ልቦለድ እየጻፍኩ ሳለ መላው ስለጠፋኝ እርዳታችሁን በአክብሮት እጠይቃለሁ። በታሪኩ ውስጥ ጉም የማይለየው ሸለቆ አለ (ጉሙን የተዋስኩት ከጣርማ በር ነው)፤ እዚያ አንድ ቀን የቆየ ሰው ሲወጣ በውጭ 365 ቀናት አልፈው ያገኛል። የጠፋችበትን ጊደር ፍለጋ የወረደው እረኛ፣ በኪሱ የያዘው ቆሎ ሳያልቅ ቢመለስ፣ ልጃገረድ ሳለች የተለያት እህቱ ልጅ ታቅፋ ትጠብቀዋለች።

ችግሩ የመጣው ከወንዙ ነው። ወንዙ ከውጭ ወደ ሸለቆው የሚገባ ከሆነ፣ የዓመቱ ውሃ በሙሉ፣ የሐምሌና የነሐሴው ሙላት ሳይቀር፣ በውስጥ ላሉት በአንድ ቀን ይደርሳቸዋል፤ እረኛዬም ቆሎውን ሳይቆረጥም በጎርፍ ይወሰዳል። የፀሐይዋ ነገር ደግሞ ይብሳል፤ የዓመት ሙቀት በአንድ ቀን ከወረደበት ሣሩ ራሱ ይነዳል።

በእኛም ዓለም ከፍ ባለ ቦታ ያለ ሰዓት በጥቂቱ እንደሚፈጥን፣ የጂፒኤስ (ቦታ ጠቋሚ) ሳተላይቶች ሰዓትም በቀን 38 ማይክሮ ሰከንድ (የሰከንድ ሚሊዮንኛ) ያህል ስለሚቀድም እንደሚስተካከል አንብቤአለሁ፤ ይሁን እንጂ ይህ ደጋዋን ደብረ ብርሃንን ከቆላዋ ሸዋ ሮቢት ለዓይን በማይታይ ቅንጣት ከማስቀደም አልፎ ለሸለቆዬ የሚበቃ አይደለም።

የታሪኩ ፍጻሜ በወንዙ ዳር ስለሆነ ወንዙን መሰረዝ አልችልም። ጉሙ ውሃውንና ብርሃኑን በር ላይ እየመጠነ እንዲያስገባ ባደርግ ያሳምናል? ወይስ ወንዙ ከሸለቆው ውስጥ መንጭቶ ወደ ውጭ ቢፈስስና በውጭ ላሉት እንደ ጠብታ ቢንጠባጠብ ይሻላል?