ልቦለዴ ውስጥ ሐሳብ ግዘፍ ይነሳል፤ ገደቡን ምን ላድርገው?

ጠያቂ (ፒያሳ)፦
ሰላም ለሁላችሁ። ምናባዊ ልቦለድ እየጻፍኩ ነው። ዓለሙ ፈጠራ ነው፤ ከተማው ግን ያደግኩበትን ፒያሳን ይመስላል። እዚያ አገር አንዳንድ ሰዎች ያሰቡት ነገር ግዘፍ ይነሳል። ጀበና ካሰቡ ጀበናው ከች ይላል። ዋናዋ ገጸ ባሕርይ የአያቷ ቤት ፈርሶባታል፤ በሐሳቧ መልሳ ልታቆመው ትፈልጋለች። የእኛም የዶሮ ማነቂያ ቤት በ2016 ስለፈረሰ ነገሩ ለእኔ ቀላል አይደለም።

ሦስት ምዕራፍ ያነበበች ጓደኛዬ «ያሰበችው ሁሉ የሚሆንላት ከሆነ ቤቱን ዛሬውኑ ለምን አትሠራውም?» አለችኝ። መልስ አጣሁ። «ስታስብ ይደክማታል» ብዬ ሞከርኩ፤ አልጣመኝም። አስማቱ ምን ዓይነት ገደብ ይኑረው?

የፊዚክስ ተማሪ (አራት ኪሎ)፦
መጀመሪያ ቁሱ ከየት እንደሚመጣ ወስኚ። ከምንም የሚፈጠር ከሆነ ሒሳቡ አይቀመስም። በአንስታይን ቀመር ካሰላሽው፣ 1 ኪሎ የምትመዝን ጀበና ከጉልበት ብቻ ለመፍጠር 5,150 ሜጋ ዋት አቅም ያለው የሕዳሴ ግድብ ሌት ተቀን በሙሉ አቅሙ እየሠራ ከ200 ቀን በላይ ይፈጅበታል። ልጅቷ ይህን ከየት ታመጣለች?

ስለዚህ ሐሳቧ ቅርጽ ይስጥ እንጂ ቁስ አይፍጠር። ጀበና ስታስብ ከእግሯ ሥር ያለው አፈር ይነሳ፤ ጉድጓዱ እዚያው ይቅር። ቤት ካሰበች ድንጋዩ ከአንድ ቦታ መምጣት አለበት። ከጎረቤት ግድግዳ ቢሆንስ?

ቡና የማፈላ (ጊዮርጊስ አካባቢ)፦
እኔ ልቦለድ አላውቅም፤ ጀበና ግን አውቃለሁ። አንድ ቀን ልጄን ጀበና ሣልልኝ አልኩት። ሆዱን ሣለ፣ አንገቱን ሣለ፣ እጀታውንም ሣለ። መቅጃውን ጎኑ ላይ ለጠፈው። «ቡናው በየት በኩል ነው ወደ መቅጃው የሚገባው?» ስለው ዝም አለ። ቀዳዳ የለውማ! በየቀኑ የሚያየው ዕቃ ነው እኮ።

ያንቺም ልጅ የማታውቀው ቦታ ድፍን ሆኖ ይውጣባት። ደግሞ አዲስ ጀበና ሳይሟሽ አይፈላበትም፤ ቡናው አፈር አፈር ይላል። በሐሳብ የመጣ ጀበናም ቢሆን መሟሸት አለበት። ይህን እንዳትረሺ፣ የኔ ቆንጆ።

ወርቅ ሠሪ (ፒያሳ)፦
ልጄ፣ አንቺ የምትዪውን እኛ በእጃችን ስንሠራው ኖረናል። ጌጡን መጀመሪያ በሰም ትቀርጪዋለሽ፤ ትንሿን ሐረግ ሳይቀር በመርፌ ጫፍ ታወጫታለሽ። ከዚያ በጭቃ ትለብጪውና ቀዳዳ ትተይለታለሽ። ጭቃው ሲደርቅ እሳት ይገባል፤ ሰሙ ቀልጦ ይወጣል። ሰሙ የነበረበትን ባዶ ቦታ ወርቁ ይሞላዋል። ወርቅ የሚቀልጠው 1,064 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ላይ ነው፤ ሰሙ የዚያን ዓይነት እሳት አይችልም።

የቅኔ ሰዎች «ሰምና ወርቅ» የሚሉትም ይህንኑ ሥራ ይዘው ነው። ልብ በይ፤ ወርቁ እንዲገባ ሰሙ መውጣት አለበት። የልጅቷ ሐሳብ ሰም ነው። ዕቃው ሲወጣ ሐሳቡ ከልቧ ይፍሰስ። ጭቃው ሳይደርቅ ቸኩሎ ያፈሰሰ ሰው ደግሞ እርጥበቱ ወርቁን ፊቱ ላይ ይረጭበታል። መቸኮሏንም ከዚህ ጻፊው።

ጠያቂ፦
ጋሼ፣ እግዜር ይስጥልኝ። ሳነበው ውኃ ሆንኩ። እንግዲህ ቤቱን ስታቆመው ቤቱን ትረሳዋለች ማለት ነው? አያቷ በረንዳው ላይ ስንዴ ስትለቅም የምታየውንም?

ወርቅ ሠሪ፦
አዎ ልጄ። ቤቱ ይቆማል፤ እሷ ግን እንደ እንግዳ ታንኳኳለች።

የቅኔ ቤት ልጅ (ስድስት ኪሎ)፦
ስለ ቃሉ አንድ ነገር ልበል። በግዕዙ ትምህርት የማይዳሰሰው ረቂቅ፣ የሚዳሰሰው ግዙፍ ይባላል። ግዘፍ መንሳት ማለት ረቂቁ ግዙፍ ሲሆን ነው። ስለዚህ አዲስ ስም አትፈልጊ፤ ቃሉ በቂ ነው። «በጭንቅላቷ አሰበች» የሚለውንም ተዪው። በእኛ ቋንቋ ሰው የሚያስበው በልቡ ነው፤ ልብ አለ፣ ልቡ ጠፋ፣ ልቦና ሰጠው እንላለን። አስማቱ ከደረቷ ይነሳ።

አንባቢ (ቸርችል ጎዳና)፦
የጋሼን ሐሳብ ወድጄዋለሁ፤ ግን ሁሉንም ከረሳች ቤቱን ለምን እንደሠራችው እንኳ አታውቅም። ታሪኩ እዚያው ይሞታል። ይልቅ ብቻዋን አትሥራው። በሩን አንዷ ጎረቤት ታስበው፣ ጓዳውን ሌላ ሰው ያስበው። እያንዳንዱ የሰጠውን ቁራጭ ብቻ ይርሳ። ያኔ ማን ምን ለመርሳት ፈቃደኛ እንደሆነ እየዞረች መለመን አለባት። ያ ነው ከባዱ ገደብ። የፊዚክሱ ልጅ ያለውን የጉድጓድ ሐሳብም አትተዪው፤ ከዚህ ጋር አብሮ ይሄዳል።

ጠያቂ፦
ይኼ ነው! ማታ እናቴንና አክስቴን ስለ ድሮው ቤት ጠየቅኳቸው፣ ለሙከራ። እናቴ በሩ ጋ ሦስት ደረጃ ነበረው አለች። አክስቴ አራት ነው ብላ ተነሳችባት፤ አራተኛው የተሰነጠቀ ነበር፣ ውኃ ስንቀዳ እንስራ ሰብሬበታለሁ አለች። እናቴ ለረጅም ጊዜ ዝም አለች። ምዕራፍ 4ን ከዚያ ደረጃ ላይ ጀምሬዋለሁ።