የፕሪየስ ትንሿ ባትሪ፦ መደብሩ ሸጠልኝ ግን አልገጥምም አለ

የንጋት ሾፌር (ሲልቨር ስፕሪንግ)

ሰላም ወገኖች፣ እንዴት ናችሁ? መኪናዬ የ2011 ፕሪየስ ናት። ኡበርና ሊፍት እሠራባታለሁ፣ ብዙውን ጊዜ ከንጋት በፊት ነው የምወጣው፣ ሬገንና ደለስ ኤርፖርት። ሰሞኑን ጠዋት ስወጣ በሪሞት አልከፈት እያለች አስቸግራኛለች። በቁልፍ ከፍቼ ስገባ የዳሽቦርዱ መብራቶች ደብዘዝ ብለው ይበራሉ፣ ቲክ ቲክ የሚል ድምፅ ይሰማል፣ ከዚያ ጸጥ። ጎረቤቴ ጃምፕ ሲያደርግልኝ (ከሱ መኪና ባትሪ በገመድ ኃይል ሲሰጠኝ) ወዲያው ትነሳለች። ቀኑን ሙሉ ምንም አትልም። በማግስቱ ያው ነው።

እዚህ አካባቢ ካለ አንድ ትልቅ መደብር ወሰድኳት። ልጁ ከፊት ኮፈኑ ሥር ባለችው ቀይ ነጥብ ላይ ለካና "ባትሪው አብቅቶለታል" አለኝ። ከመደርደሪያው አንዱን አውርዶ፣ ሲሲኤው ከፍ ያለ ስለሆነ ለክረምት ይሄ ይሻልሃል ብሎ ሸጠልኝ። ከከፈልኩ በኋላ ማናጀሩ መጣና "ሃይብሪድ አንገጥምም" አለ። እኔ የሄድኩት ገዝቼ እዚያው አስገጥሜ ወደ ሥራ ለመመለስ ነበር! ደረሰኙ ላይ ደግሞ ለአሮጌው ባትሪ ማስያዣ ተጨምሮብኛል። ባትሪውን ተሸክሜ ቤት ገባሁ።

አሁን ልመልሰው ወይስ ራሴ ልግጠመው? የሃይብሪድ ኤሌክትሪክ ሰው ይገድላል ስለሚባል ለመንካት ፈርቻለሁ። አንድ የሥራ ባልደረባዬ ደግሞ "ባትሪው አይደለም፣ ዲናሞው ነው" ይለኛል። የምታውቁ ካላችሁ እባካችሁ ንገሩኝ፣ አንድ ቀን ካልሠራሁ የሚጎዳው ቤተሰብ ነው።

አስር ቁጥር ቁልፍ (አሌክሳንድሪያ)

ወንድሜ አይዞህ፣ የሚፈታ ነገር ነው። እኔ መካኒክ ነኝ፣ ፕሪየስ በየሳምንቱ እጄ ላይ ይገባል።

ከዲናሞው ልጀምር። ፕሪየስ ዲናሞ የላትም። ሞተሪኖም የላትም። ሞተሩን የሚያስነሳው ትልቁ የሃይብሪድ ባትሪ ነው፣ ወደ 200 ቮልት የሚሆነው። ያንተ ችግር ያለው ትንሿ 12 ቮልት ባትሪ ላይ ነው። የሷ ሥራ ኮምፒውተሮቹን መቀስቀስ፣ በር መክፈት፣ መብራት ማብራት ነው። እሷ ስትደክም ኮምፒውተሩ አይነቃም፣ ኮምፒውተሩ ካልነቃ ደግሞ ትልቁ ባትሪ ሙሉ ቢሆንም መኪናዋ አትነሳም። ቲክ ቲክ የሚልብህ ሪሌዎቹ (ኤሌክትሪኩን የሚከፍቱና የሚዘጉት ማብሪያዎች) ጉልበት አጥተው ነው። ጃምፕ ሲደረግላት ወዲያው መነሳቷም ይሄንኑ ነው የሚያሳየው።

ስለዚህ ሲሲኤ ከፍ ያለ ይሻልሃል ያለህ ልጅ የተናገረው ለሌላ መኪና የሚሆን ነገር ነው። ሲሲኤ ማለት ባትሪው በ0 ፋራናይት ብርድ ለ30 ሰከንድ ስንት አምፒር ማውጣት ይችላል ማለት ነው፣ ወፍራም ዘይት ያለበትን ሞተር ለማዞር። ያንተ ትንሿ ባትሪ ሞተር አታዞርም። አንተ መጠየቅ ያለብህ ሌላ ነገር ነው።

አንደኛ፣ የገዛኸው ኤጂኤም (አሲዱ በውስጡ ተመጥጦ የተያዘ፣ የማይፈስ ዓይነት) ነው ወይ? ላዩ ላይ ተጽፎ ታገኘዋለህ። ሁለተኛ፣ ጎኑ ላይ ቀጭን የጎማ ቱቦ የሚሰካባት ቀዳዳ አለው? ያንተ ባትሪ የተቀመጠችው ሰው በሚቀመጥበት ክፍል ውስጥ ነው፣ ከኋላ በቀኝ በኩል፣ ከዕቃ መጫኛው ወለል ጎን ካለው ክዳን ሥር። ባትሪ ቻርጅ ሲደረግ ሃይድሮጅን ጋዝ ሊወጣው ይችላል። ጋዙ በቱቦዋ ወደ ውጭ መውጣት አለበት። ቀዳዳ የሌለው ተራ ባትሪ እዚያ ውስጥ ማስገባት ማለት ተሳፋሪህን ከጋዙ ጋር መዝጋት ነው። ይሄን በፍጹም እንዳታደርገው። ሦስተኛ፣ ገመድ የሚታሰርባቸውን ሁለቱን ጫፎች እያቸው። የፕሪየስ ጫፎች ከተለመዱት ቀጠን ይላሉ። ወፍራም ከሆኑ የመኪናህ መያዣ አይገባላቸውም፣ በግድ ሲከፍቱት የሚሰነጥቁት ብዙ ናቸው።

የፋብሪካው ባትሪ ላይ ኤስ46ቢ24አር የሚል ቁጥር አለ። መደብር ስትሄድ ዓመትና ሞዴል ብቻ አትንገራቸው፣ ይሄን ቁጥር አሳያቸው።

ኮሮላ ነኝ (ላንግሊ ፓርክ)

ስለ መደብሮቹ እኔ ልጨምር። እኔና ባለቤቴ ሁለት መኪና ስላለን ይሄ ነገር በየጊዜው ይገጥመናል።

ኮስትኮ ባትሪው ዋጋው ጥሩ ነው ግን አይገጥሙም፣ ገዝተህ ይዘህ ትሄዳለህ። የመኪና ዕቃ መደብሮቹ ኦቶዞንና አድቫንስ ላይ ባትሪህን በነጻ ይለካሉ፣ ከነሱ ከገዛህ ደግሞ በብዙ መኪና ላይ በነጻ ይገጥማሉ። "በብዙ" የሚለውን ቃል ልብ በሉት። ባትሪው ከወንበር ሥር ወይ ከኋላ ዕቃ መጫኛ ውስጥ ከሆነ፣ ወይም እሱን ለማውጣት ሌላ ነገር መፍታት ካስፈለገ አይነኩትም። ዎልማርት የመኪና ክፍል ባለበት ቅርንጫፍ ይገጥማሉ፣ ግን ያ ክፍል ከዋናው መደብር ቀድሞ ይዘጋል፣ ቅዳሜ ደግሞ የዘይት ቀያሪው ወረፋ አያድርስ ነው። በሥራ ቀን ጠዋት ሂዱ።

ከመክፈላችሁ በፊት "የኔን መኪና ትገጥማላችሁ?" ብላችሁ ጠይቁ፣ ወጥተውም ኮፈኑን ከፍተው ይዩት። የኔ ኮሮላ የባትሪዋ መጠን ቁጥር 35 ነው፣ ባትሪው ከፊት ነው፣ እዚያው ቆሜ በአጭር ጊዜ ነው የጨረሱልኝ። የባለቤቴ ሆንዳ 51አር ነው። "አር" የምትለዋ ፊደል ፖዘቲቩና ኔጋቲቩ ቦታ ተቀያይረዋል ማለት ነው፣ 51 ብቻ የሚለውን ብትወስዱ ገመዱ አይደርስም።

ቀኑንም እዩ። ብዙዎቹ ባትሪዎች ላይ ትንሽ ክብ ወረቀት ይለጠፋል፣ ፊደሉ ወሩን ቁጥሩ ዓመቱን ይናገራል። ኤ ጥር፣ ቢ የካቲት፣ ሲ መጋቢት እያለ ይሄዳል፣ በፈረንጆቹ ማለቴ ነው። መደርደሪያ ላይ ብዙ ወር የተቀመጠ ባትሪ ሳትጠቀሙበት ደክሟል። "ከኋላ ያለውን አዲሱን አምጣልኝ" ማለት ነውር የለውም። እኔ ሁልጊዜ እላለሁ፣ ያመጡልኛል።

ማስያዣውን በተመለከተ፣ ኮር ቻርጅ የሚሉት ነው፣ ብዙ ጊዜ 20 ዶላር አካባቢ። አሮጌውን ስትመልስ ይመልሱልሃል። ባትሪ ውስጥ እርሳስና አሲድ ስላለ ነው፣ ቆሻሻ ውስጥ እንዳይጣል።

ቢዝነስ ፈርስት

ለምን ትደክማለህ፣ ቀጥታ ዲለር (የቶዮታ ወኪል) ውሰዳትና ይግጠሙልህ። ያለህበት ሥራ ላይ ቀንህ ገንዘብ ነው።

አስር ቁጥር ቁልፍ

ዲለርም መጥፎ አይደለም፣ ትክክለኛውን ባትሪ ነው የሚያስገቡት፣ ቱቦውንም አይረሱም። ግን ለጉልበት የሚያስከፍሉት ብዙ ነው። አንድ አስር ቁጥር ቁልፍ ለያዘ ሰው ይሄ ግማሽ ሰዓት የማይሞላ ሥራ ነው። ትክክለኛው ባትሪ ብቻውን ከ200 ዶላር በላይ ሊወጣበት ስለሚችል ጉልበቱን ራስህ ብትሸፍነው ይቀልሃል።

ስለ ፍርሃትህ ደግሞ፣ ገዳዩ ከፍተኛ ቮልት የሚሄደው በብርቱካናማ ገመዶች ነው። ብርቱካናማ የሆነ ነገር አትንካ፣ አለቀ። 12 ቮልቷ ላይ ብርቱካናማ ገመድ የለም።

አሠራሩ እንዲህ ነው። መኪናዋን አጥፋ። የኋላውን በር ክፈትና ክፍት ይቆይ። ይሄ ነገር የሚረሳ ስለሆነ ነው አስረግጬ የምነግርህ፣ የኋላው በር የሚከፈተው በኤሌክትሪክ ነው፣ ባትሪውን ነቅለህ ከዘጋኸው ከውጭ አይከፈትልህም። ከውስጥ በወንበሩ ላይ ተሻግረህ በሩ ታች ያለችውን ትንሽ መልቀቂያ መፈለግ ሊኖርብህ ነው። የመኪናዋን ቁልፍ ደግሞ ኪስህ አድርገው፣ መኪና ውስጥ አታስቀምጠው።

መጀመሪያ ኔጋቲቩን ፍታ። ከፖዘቲቩ ከጀመርክና መፍቻህ የመኪናውን ብረት ከነካ ይፈነጥቃል። ከዚያ ፖዘቲቩን፣ ከዚያ ባትሪውን የያዘውን ብረት፣ ቱቦዋን ነቅለህ ጎን አድርጋት። አዲሱን ስታስገባ መጀመሪያ ቱቦዋን ሰካ፣ ቀጥሎ ፖዘቲቭ፣ መጨረሻ ኔጋቲቭ። ጫፎቹ ላይ ነጭ ወይ አረንጓዴ ዱቄት ካለ ቤኪንግ ሶዳ በውሃ በጥብጠህ በአሮጌ የጥርስ ብሩሽ እሸው፣ አድርቀው። ሰዓቷን ታስተካክላለህ፣ የመስኮቶቹ አውቶማቲክ እንቢ ካለ መስኮቱን እስከ መጨረሻው ወስደህ ማዘዣውን ትንሽ ተጭነህ ያዘው።

ከዚያ በቴስተር ለካ። ጠፍታ ስታድር 12.6 ቮልት አካባቢ መሆን አለበት። 12.2 ከሆነ ግማሽ ነው የቀረው። መኪናዋ ለመንዳት መዘጋጀቷን የሚያሳየው "ሬዲ" የሚለው መብራት በርቶ ደግሞ 14 ገደማ ካየህ ቻርጅ እየሆነች ነው።

የዲሲ ታክሲ

ልጄ፣ እኔ ይቺን መኪና ለታክሲ ለብዙ ዓመት ነድቻታለሁ፣ እና ሌላው ያልጠየቀህን ልጠይቅህ። ኤርፖርት ወረፋ ላይ ስትጠብቅ ነዳጅ ለመቆጠብ ብለህ መኪናዋን አጥፍተህ ሬዲዮና ስልክ ቻርጅ ትከፍታለህ? ብዙ ሾፌር እንዲህ ያደርጋል። "ሬዲ" ካልበራ ትንሿ ባትሪ የሚሞላላት የለም፣ ከሷ ብቻ ነው የምትበላው። ትንሽ ባትሪ ናት፣ አቅሟም ትንሽ ነው። በየቀኑ እስከ ታች ስትወርድ አዲሷም ቶሎ ትሞታለች። "ሬዲ" አድርገህ ተዋት፣ ሞተሩ ራሱ ሲያስፈልግ ይነሳል ይጠፋል፣ የሚበላው ነዳጅ ባትሪ ከመግዛት በታች ነው። ሌሊቱን ሙሉ ተሰክቶ የሚያድር ካሜራ ካለህም ንቀለው።

ሁለተኛው ነገር ዋስትናው ነው። ወረቀቱን አንብበው። ለንግድ የሚሠራ መኪና አንሸፍንም የሚል አንዳንዱ ላይ አለ። ሦስት ዓመት ቢባልም ደግሞ በዋስትና ሲቀይሩልህ ቆጠራው ብዙ ጊዜ ከመጀመሪያው ግዢ ነው የሚቀጥለው፣ እንደ አዲስ አይጀምርም። ደረሰኙ በሙቀት የሚታተም ወረቀት ስለሆነ ይጠፋል፣ ዛሬውኑ ፎቶ አንሣው።

የንጋት ሾፌር

ጋሼ፣ እግዜር ይስጥልኝ። እውነት ነው፣ ደለስ ወረፋ ላይ አጥፍቼ ነው የምጠብቀው፣ ካሜራም አለኝ። ለምን ጠዋት ጠዋት እንደምትሞት አሁን ገባኝ።

አስር ቁጥር ወንድሜ፣ የገዛሁትን ባትሪ አውጥቼ አየሁት። ኤጂኤም የሚል ጽሑፍ የለበትም፣ ጎኑ ላይ ቀዳዳ የለውም፣ ጫፎቹም ወፍራም ናቸው። ይሄ ለኔ መኪና እንዳልሆነ እኔም ገብቶኛል። ሳልጠቀምበት ብመልሰው ማስያዣውን ጭምር ይመልሱልኛል? አሮጌውን እኮ አልሰጠኋቸውም።

አስር ቁጥር ቁልፍ

ይመልሱልሃል። አዲሱን ስትመልስ ሽያጩ በሙሉ ነው የሚሰረዘው፣ ማስያዣውም አብሮ። ደረሰኙን ያዝ፣ ባትሪውን ቀጥ አድርገህ ጫን፣ እንዳይገለበጥ በቀበቶ እሰረው። ሲመልሱልህ ደረሰኙ ላይ ሁለቱም መስመር መኖሩን ቆመህ አረጋግጥ፣ ዋጋውና ማስያዣው ለየብቻ ነው የሚጻፈው። ትክክለኛውን ከሚያመጣልህ ስትገዛ ግን አሮጌውን ይዘህ ሂድ፣ ወይም ገጥመህ መልስላቸው።

ኮሮላ ነኝ

አንድ ነገር ደግሞ፣ እስክትቀይራት ድረስ ከጎረቤት ጃምፕ አትለምን። ኪስ የምታክለዋን የጃምፕ መሣሪያ ግዛ፣ ራስህን ታስነሳለህ።

አስር ቁጥር ቁልፍ

ልክ ናት። ግን መሣሪያዋን ከፊት ወንበሩ አካባቢ ባለ ኪስ ውስጥ አስቀምጣት እንጂ የኋላው ዕቃ መጫኛ ውስጥ አይሆንም፣ ባትሪው ሲሞት የኋላው በር አይከፈትማ። ኮፈኑን ስትከፍት የፊውዝ ሳጥኑ ውስጥ ቀይ ክዳን ያለው ነጥብ አለ፣ ፖዘቲቩ እዚያ፣ ኔጋቲቩ ሞተሩ አካባቢ ቀለም ያልተቀባ ብረት ላይ። ካስነሣሃት በኋላ "ሬዲ" ላይ አድርገህ ቢያንስ አንድ ሰዓት ንዳት።

ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ እዚህ ኪንግ ስትሪት አካባቢ ነኝ። ትክክለኛውን ባትሪ ካገኘህ ይዘህ ና፣ አብረን እንገጥመዋለን፣ ሁለተኛ ጊዜ ራስህ ትሠራዋለህ። የጎማ ቱቦዋን ግን ከአሮጌው ላይ እንዳትጥላት፣ ከአዲሱ ጋር ላይመጣ ይችላል።