የቦታይ ፈረሶች፦ ለማዳ ነበሩ ወይስ የአደን ሥጋ?

ፈረሰኛው፦ ወገን፣ አንድ ክርክር ልክፈት። ሰሜን ካዛክስታን ውስጥ፣ ዛፍ በማይበዛበት የሣር ሜዳ ላይ፣ ቦታይ የሚባል የጥንት ሰፈር አለ። ዕድሜው 5,500 ዓመት ገደማ ነው። አርኪዮሎጂስቱ ቪክቶር ዛይበርት ለዓመታት ሲቆፍረው ያወጣው አጥንት ከሞላ ጎደል ሁሉም የፈረስ ነው። በ2009 እ.ኤ.አ. ደግሞ አርኪዮሎጂስቱ አላን አውትራምና ባልደረቦቹ ልጓም የፋቀው የሚመስል ጥርስ አሳዩ፣ ሸክላ ስባሪ ላይም የፈረስ ወተት ቅባት አገኘን አሉ። እና የዱር ፈረስ ማን ያልባል? ፈረስ እዚያ ተገርቷል፣ አለቀ።

ጠርጣራው፦ ምኑ ነው የሚያልቀው? በ2021 አርኪዮሎጂስቱ ዊሊያም ቴይለርና ባልደረባው ተመሳሳይ የጥርስ ጉዳት በሰሜን አሜሪካ የበረዶ ዘመን የዱር ፈረሶች ላይ አሳይተዋል። ልጓም የሚባል ነገር ያላዩ ፈረሶች! በዚያው ዓመት የቦታይ ሰዎች ጥርስ ላይ የተጋገረው ቆሻሻ ሲመረመር የወተት ፕሮቲን አልተገኘበትም። አዳኞች ነበሩ፣ ሌላ ምንም የለም።

ፈረሰኛው፦ የተመረመሩት ሰዎች እኮ በጣም ጥቂት ናቸው ወንድሜ።

አፈር ቆፋሪዋ፦ ጥርሱን ተዉት ባካችሁ። ዩክሬን ውስጥ ዴሬይቭካ የተገኘው ዝነኛ ፈረስም ጥርሱ ላይ የልጓም ምልክት አለበት፣ 6,000 ዓመትም ይሆነዋል ተብሎ ስንት ተጻፈበት፣ ዕድሜው በራዲዮካርቦን ሲለካ ግን በኋላ ዘመን የተቀበረ፣ የእስኩቴሶች (በፈረሰኝነት የታወቁ የጥንት ሕዝብ) ጊዜ ፈረስ ሆኖ አረፈው። እኔን የሚያሳምነኝ ፋንድያው ነው። የቦታይ ቤቶች ጉድጓድ ውስጥ የፈረስ ፋንድያ ተጥሎ ተገኝቷል። ክራስኒ ያር በሚባለው የዚያው ባህል ሰፈርም የበረት አጥር የሚመስል የምሰሶ ጉድጓድ ተራ አለ። አዳኝ ሥጋውን ይዞ ይመጣል እንጂ ፋንድያውን ተሸክሞ አይመጣም።

ጠርጣራው፦ እሺ፣ ግን በ2018 የወጣው የዘረመል ጥናት የቦታይ ፈረሶች የዛሬዎቹ ፈረሶች አያቶች አይደሉም ብሏል። የሚቀርቡት የዱር እየተባለ ለኖረው ለፕርዜቫልስኪ ፈረስ ነው። የዛሬዎቹ ሩሲያ ውስጥ ካሉት ከታችኛው ቮልጋና ዶን ወንዞች አካባቢ የመጡ ናቸው፣ በሰፊው የተሰራጩትም ከክርስቶስ ልደት በፊት 2200 ገደማ ነው።

አፈር ቆፋሪዋ፦ እና ምን ይጠበስ? ዘሩ አልቀጠለም ማለት አልተገራም ማለት ነው? በ2024 የወጣው ጥናት የቦታይ ፈረሶች ትውልድ ቶሎ ቶሎ ይተካ እንደነበር አይቷል፣ ይህ ደግሞ ሰው ሲያራባቸው የሚታይ ነገር ነው። ለሥጋና ለወተት ማርባት ሌላ፣ ጀርባው ላይ ወጥቶ መጋለብ ሌላ። ሁለቱን ደባልቃችሁ ነው የምትጣሉት።

ጠርጣራው፦ እርባታውን ልቀበልሽ። ግን ይጋልቡ ነበር የሚለኝ ሰው፣ በ2023 የያምናያ ሰዎች (ከ5,000 ዓመት ገደማ በፊት የኖሩ የሣር ሜዳ ከብት አርቢዎች) ዳሌና አከርካሪ ላይ የታየውን ዓይነት የጋላቢ ምልክት ያለው አንድ አጽም ከቦታይ ያምጣልኝ።